ከደን መሥሪያ ቤት ወደ ፊልም ሙዚቃ፦ ስለ አኪራ ኢፉኩቤ ከጎንደር ለደረሱን ጥያቄዎች የተሰጠ መልስ

ጥያቄ፦ ለዓምዱ አዘጋጅ፣ ጤና ይስጥልኝ። ነዋሪነቴ ጎንደር፣ አዘዞ ሲሆን በደን ልማት ሙያ ተቀጥሬ እሠራለሁ። ማሲንቆ ከአጎቴ ተምሬ ከልጅነቴ ጀምሮ እጫወታለሁ። ባለፈው ክረምት ጓደኞቼ ለሠሩት አጭር ፊልም ሙዚቃ አዘጋጀሁላቸው፤ ሆኖም አንድ የሙዚቃ መምህር ሰምተው፣ ትምህርት ቤት ያልገባ ሰው ለፊልም የሚሆን ሙዚቃ ሊደርስ እንደማይችል ነገሩኝ። በዚያው ሰሞን ጃፓኖች በ1954 የሠሩትን የጎድዚላ ፊልም አይቼ ከአውሬው ይልቅ ሙዚቃው አእምሮዬን ያዘው። ይህን ሙዚቃ የደረሰው ማን ነው? የት ተማረ? የአውሬውስ ጩኸት ከምን የተሠራ ነው? የእኔ ጆሮ የክር ድምፅ የሰማ መስሎታል።

መልስ፦ የፊልሙን ሙዚቃ የደረሱት አኪራ ኢፉኩቤ ይባላሉ። ደብዳቤዎን ሳነብ ደስ ያለኝ፣ እርስዎ ሳያውቁት አንድ የደን ባለሙያ ስለ ሌላ የደን ባለሙያ መጠየቁ ነው፤ ኢፉኩቤ የተመረቁት በደን ሳይንስ ነበር፤ የሙዚቃ ትምህርት ቤት በተማሪነት ገብተው አያውቁም። በሕይወት ዘመናቸው ከ250 በላይ ለሚሆኑ ፊልሞች ሙዚቃ ደርሰዋል። (በዚህ ዓምድ የሚጠቀሱት ቀናትና ዓመታት በሙሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

ኢፉኩቤ ግንቦት 31 ቀን 1914 በሰሜናዊቷ የጃፓን ደሴት በሆካይዶ፣ ኩሺሮ በምትባል የወደብ ከተማ ተወለዱ። አባታቸው ኦቶፉኬ በምትባል መንደር አስተዳዳሪ ሆነው በመሾማቸው ቤተሰቡ ወደዚያው ሄደ፤ ብላቴናውም የደሴቲቱ ነባር ሕዝብ የሆኑትን የአይኑዎችን ዘፈንና ጭፈራ በቅርብ የሰማው በዚያ ነው። አይኑዎች አጭር ሐረግን ደጋግመው፣ አንዱ ከሌላው እየተቀበለ፣ የሣጥን ክዳን እየመቱ የሚያዜሙት ዘፈን አላቸው። ሐረጉ አይረዝምም፤ ጉልበቱ በመደጋገሙ ውስጥ ይከማቻል። የኢፉኩቤን ሙዚቃ ለማወቅ የሚሻ ሰው ከዚህ መጀመር ያለበት ይመስለኛል፤ ምክንያቱም ከሠላሳ ዓመት በኋላ በፊልም ቤቶች ውስጥ ሕዝብን ያስደነገጠው የድግግሞሽ ኃይል ቀድሞ ጆሮአቸው የገባው በዚያች መንደር ነውና።

ለሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ወደ ሳፖሮ ከተማ በሄዱ ጊዜ ቫዮሊንን በራሳቸው ተማሩ፤ የሩሲያዊውን ደራሲ የኢጎር ስትራቪንስኪን ሙዚቃ ከሰሙ በኋላም እርሳቸውም ደራሲ ለመሆን ቆረጡ። እዚያው ሳፖሮ ፉሚዮ ሃያሳካ የሚባል፣ እንደ እርሳቸው በ1914 የተወለደና እንደ እርሳቸው ራሱን በራሱ የሚያስተምር ጓደኛ አገኙ። ይህ ሃያሳካ በኋላ ለስመ ጥሩው የፊልም አዘጋጅ ለአኪራ ኩሮሳዋ ታላላቅ ፊልሞች ሙዚቃ የደረሰው ሰው ነው፤ በሳንባ ነቀርሳ በ1955 ሲሞት ገና 41 ዓመቱ ነበር። ሁለት የሙዚቃ ትምህርት ቤት ያልገቡ ወጣቶች ከዋና ከተማ ርቀው፣ የሚያገኙትን ሸክላና የታተመ ኖታ እየተካፈሉ የአገራቸውን የፊልም ሙዚቃ መሠረት ጣሉ ማለት ነው። እርስዎን የመከሩት መምህር ይህን ታሪክ ቢያውቁ ምክራቸውን ያለዝቡት ነበር ብዬ አምናለሁ።

ነገር ግን «ትምህርት ቤት አልገቡም» ሲባል «አልተማሩም» ማለት አይደለም፤ እዚህ ላይ አደራ እላለሁ። ኢፉኩቤ በሆካይዶ ንጉሠ ነገሥታዊ ዩኒቨርሲቲ ቀን ስለ ዛፍ እየተማሩ በትርፍ ጊዜያቸው የታላላቅ ደራስያንን የኦርኬስትራ ኖታ መስመር በመስመር ያጠኑ ነበር። በ1935፣ በተመረቁበት ዓመት፣ የመጀመሪያቸውን የኦርኬስትራ ድርሰት «የጃፓን ራፕሶዲ» ብለው ጽፈው ሩሲያዊው ደራሲ አሌክሳንደር ቼሬፕኒን ለወጣት ደራስያን ላቋቋሙት ውድድር ላኩት። ዳኞቹ ፓሪስ የሚገኙ እንደ አልበርት ሩሰልና ዣክ ኢቤር ያሉ ስመ ጥር ሰዎች ነበሩ፤ አንደኛ የወጣውም የ21 ዓመቱ የደን ምሩቅ ድርሰት ሆነ። በተከታዩ ዓመት ቼሬፕኒን ጃፓን መጥተው ለአጭር ጊዜ በግል አስተማሯቸው። እኚህ ሩሲያዊ የጃፓንና የቻይና ወጣቶች አውሮፓን ከመቅዳት ይልቅ በአገራቸው ዜማ ላይ እንዲቆሙ ይገፋፉ የነበሩ ሰው ናቸው፤ ለኢፉኩቤ ግን ይህ አዲስ ምክር ሳይሆን አስቀድመው በያዙት መንገድ ላይ የተጨመረ ድፍረት ነበር።

ከሽልማቱ በኋላ ወደ ቶኪዮ አልሮጡም። አኬሺ በሚባል የሆካይዶ አካባቢ በደን ሠራተኛነት ተቀጥረው ለአምስት ዓመት ያህል በደን ውስጥ ኖሩ፤ በዚያም መድረሳቸውን አላቋረጡም። በጦርነቱ ጊዜ ደግሞ የእንጨትን የመለጠጥ ኃይልና ንዝረትን የመቋቋም አቅም እንዲያጠኑ ተመደቡ። ልብ ብለው ካዩት፣ የቫዮሊንም ሆነ የማሲንቆ ምሥጢር የእንጨት ንዝረት ነው፤ ይህ ሰው በቤተ ሙከራም በሙዚቃም የሚያጠኑት አንድ ነገር ነበር። በምርምሩ የራጅ ጨረር ይጠቀሙ ነበር፤ በጦርነቱ የእርሳስ እጥረት ምክንያት መከላከያ ልብስ ስላልነበራቸው ጨረሩ ጤናቸውን ጎዳው። ታላቅ ወንድማቸው ኢሳኦም በተመሳሳይ የጨረር ጉዳት በ1942 ሞቱ፤ ኢፉኩቤ በ1943 የጻፉትን የኦርኬስትራ ድርሰት ለእርሳቸው መታሰቢያ አድርገውታል። ሕመሙ ከደን ሥራ አስወጣቸው፤ በ1946 ወደ ቶኪዮ ሄደው ያልተማሩበት ዓይነት የሙዚቃ ትምህርት ቤት፣ የቶኪዮ የሙዚቃ አካዳሚ፣ መምህር ሆኑ። ከተማሪዎቻቸው መካከል ያሱሺ አኩታጋዋና ቶሺሮ ማዩዙሚ በኋላ የጃፓን ሙዚቃ ታላላቅ ስሞች ሆነዋል።

ወደ ፊልም የገቡት በ1947 ነው። በበረዷማ ተራራ ላይ ስለሚሸሹ የባንክ ዘራፊዎች የሚተርክ፣ ሴንኪቺ ታኒጉቺ ያዘጋጁት፣ አኪራ ኩሮሳዋ በጽሑፉ የተሳተፉበትና ቶሺሮ ሚፉኔ ለመጀመሪያ ጊዜ የተወነበት ፊልም ነበር። ከሽፍቶቹ አንዱ ከአንዲት ልጃገረድ ጋር በበረዶ ላይ ደስ ብሎት የሚንሸራተትበት ትዕይንት አለ፤ አዘጋጁ ለዚህ ፈካ ያለ የደስታ ሙዚቃ ጠበቁ። ኢፉኩቤ ግን ኮር አንግሌ ለሚባለው፣ ወፈር ያለ ድምፅ ላለው የትንፋሽ መሣሪያ አንድ ብቸኛና ሐዘንተኛ ዜማ ጽፈው አመጡ። ሰውየው ቢስቅም የሚሸሽ ወንጀለኛ ነው፤ ሳቁ የማይቆይ መሆኑን ተመልካች ከሙዚቃው ይወቅ የሚል ነበር ሐሳባቸው። ብርቱ ክርክር ተነሣ፤ አዲሱ ደራሲም ሐሳባቸውን አልለወጡም፤ ዜማውም በፊልሙ ውስጥ ቀረ። የመጀመሪያ ሥራውን የያዘ ሰው ከአዘጋጅ ጋር እንዲህ ተከራክሮ እንጀራውን አለማጣቱ ያስደንቀኛል። እርስዎም ለጓደኞችዎ ፊልም በሚሠሩበት ጊዜ ሥዕሉ የሚያሳየውን ሙዚቃው እንዲደግመው ከሆነ የሚጠይቁዎት፣ ይህን ትዕይንት ያስታውሷቸው።

አሁን ወደ ጎድዚላ ልምጣ። መጋቢት 1 ቀን 1954 አሜሪካ በቢኪኒ ደሴቶች ባደረገችው የሃይድሮጂን ቦምብ ሙከራ 23 ሠራተኞች የነበሩባት የጃፓን የዓሣ ማጥመጃ ጀልባ በጨረር ተመታች። የዚያው ዓመት ኅዳር 3 ቀን ለሕዝብ የቀረበው የኢሺሮ ሆንዳ ፊልም በዚህ ሐዘን ላይ የተሠራ ነው፤ አውሬው በቦምብ ሙከራ ከባሕር ጥልቅ የተነሣ ፍጡር ነው። ባልደረቦቻቸው እንዲህ ያለ የአውሬ ፊልም ስምዎን ያጎድፋል ብለው ኢፉኩቤን አስጠንቅቀዋቸው ነበር። እርሳቸው ግን ተቀበሉት። ጨረር በገዛ አካላቸው ላይ ጉዳት ያደረሰባቸው፣ ወንድማቸውንም የነጠቃቸው ሰው ይህን ታሪክ እንደ ልጆች ጨዋታ ሊያዩት እንደማይችሉ ግልጽ ነው፤ ሙዚቃው ለምን ያን ያህል ክብደት እንደ ተሸከመ ሲጠይቁኝ ከዚህ የተሻለ መልስ የለኝም።

ጆሮዎ አልተሳሳተም፤ ጩኸቱ የክር ድምፅ ነው። ከቫዮሊን ቤተሰብ ትልቁ የሆነውን የኮንትራባስ ክር ካላሉ በኋላ፣ ሙጫ በተቀባ የቆዳ ጓንት ክሩን ሞረዱት፤ የተቀዳውን ድምፅም ፍጥነቱን ቀንሰው አወፈሩት። ይህ ለማሲንቆ ተጫዋች ሊብራራለት የሚያስፈልግ ነገር አይደለም። ሙጫ ያልነካው ደጋን ጭራው ላይ ሲንሸራተት ድምፅ እንደማይሰጥ፣ ሙጫው ክሩን እየያዘ እየለቀቀ እንደሚያናግረው ከእኔ ይልቅ እርስዎ ያውቁታል። የዓለም ሲኒማ ከሚያውቃቸው ጩኸቶች እጅግ ታዋቂው የተወለደው እርስዎ በየዕለቱ ከሚያደርጉት ነገር ነው።

በፊልሙ ውስጥ ሌሎች ሁለት ቦታዎችን እንደገና እንዲያዩ እለምናለሁ። አንደኛው ከተማይቱ ከጠፋች በኋላ ተማሪ ልጃገረዶች የሚዘምሩት የሰላም ጸሎት ነው፤ አሰቃቂ መሣሪያ የፈጠረውና ሊገልጠው ያልፈለገው ሳይንቲስት ሐሳቡን የሚለውጠው ይህን መዝሙር ሲሰማ ነው። ሙዚቃው እዚህ አጃቢ አይደለም፤ ታሪኩን ራሱ ያዞረዋል። ሁለተኛው መጨረሻው ነው። አውሬው በባሕር ውስጥ ሲሞት ሌላ ደራሲ ቢሆን የድል ነጋሪት ይጎስም ነበር፤ ኢፉኩቤ ግን ዝግ ያለ ሙሾ የሚመስል ሙዚቃ ጻፉ። ለሚሞተው ፍጡር አዘኑለት።

በዚያው በ1954 ሌላ ትልቅ ሥራ ጨርሰዋል፤ «ሲንፎኒያ ታፕካራ» ይባላል፤ ታፕካራ የአይኑዎች ጭፈራ ስም ነው። ስለ ጎድዚላ ብቻ የሚያውቅ ሰው ግማሹን ኢፉኩቤ አላወቀም፤ በዚህ አልደራደርም። ከፊልሞቻቸውም የሺንዶን «የሂሮሺማ ልጆች» በ1952፣ የኢቺካዋን «የበርማ በገና» በ1956፣ ዓይነ ስውሩን ጎራዴ ተጫዋች ለሕዝብ ያስተዋወቀውን የዛቶይቺን የመጀመሪያ ፊልም በ1962 መጥቀስ ይገባል። የመጨረሻው የጎድዚላ ሥራቸው የ1995ቱ ነው፤ ያን ጊዜ 81 ዓመት ሞልቷቸው ነበር። የካቲት 8 ቀን 2006 በ91 ዓመታቸው ቶኪዮ ውስጥ ዐረፉ።

ለእርስዎ ጉዳይ በቀጥታ የምለው አንድ ነገር ይኸውና፦ ኖታ ይማሩ። ኢፉኩቤ ያልገቡት ትምህርት ቤት እንጂ ያላነበቡት ኖታ አልነበረም፤ እንዲያውም ስለ ኦርኬስትራ አጻጻፍ በ1953 የመጀመሪያው ቅጽ የታተመው መጽሐፋቸው ለጃፓን ተማሪዎች ዋና ማስተማሪያ ሆኗል። ኖታ ለማንበብ ከደን ሥራዎ መልቀቅ አያስፈልግዎትም። ማሲንቆውንም እንዳያስቀምጡት።

ጥያቄ፦ በማራኪ ክፍለ ከተማ የምኖር የታሪክ መምህርት ነኝ። ኢፉኩቤን የመሰሉ ደራስያን ለቴሌቪዥንም ይሠሩ ነበርን? ወይስ ቴሌቪዥን ሲመጣ ሥራቸው ቀረ?

መልስ፦ ሁለቱም ሆኗል። የጃፓን የቴሌቪዥን ሥርጭት የካቲት 1 ቀን 1953 ተጀመረ፤ በቀደመው መልስ የጠቀስኩት የልጃገረዶች መዝሙር በ1954ቱ ፊልም ውስጥ ለሳይንቲስቱ የሚደርሰው በቴሌቪዥን መስኮት መሆኑን የታሪክ መምህርት እንደ መሆንዎ ልብ ይሉታል፤ መሣሪያው ገና እንግዳ ነበር። ያን ጊዜ ፊልም ቤቶች ይሞሉ ነበር። በ1958 የጃፓን ሲኒማ ቤቶች የሸጡት ትኬት ከ1 ቢሊዮን 100 ሚሊዮን በላይ ሲሆን በ1960 ብቻ 547 ፊልሞች ተሠርተዋል። ኢፉኩቤ በዓመት ብዙ ፊልም ሊሠሩ የቻሉት ስቱዲዮዎቹ እንዲህ ያለ ረኃብ ስለነበረባቸው ነው። ቴሌቪዥን በየቤቱ ሲገባ ይህ ገበያ በፍጥነት ወረደ፤ ኢፉኩቤም ቀስ በቀስ ወደ ማስተማር አዘነበሉ፤ በ1976 የቶኪዮ የሙዚቃ ኮሌጅ ፕሬዚዳንት ሆኑ።

ቴሌቪዥኑን የያዙት ይበልጥ ታናናሾቻቸው ናቸው። የጃፓን ብሔራዊ ሥርጭት ድርጅት በ1963 ዓመቱን ሙሉ በየእሑዱ የሚቀርብ ታሪካዊ ድራማ ጀመረ፤ የመጀመሪያውን መግቢያ ሙዚቃ የደረሱት በኋላ በኤሌክትሮኒክ ሙዚቃ ዓለም ያወቃቸው ኢሳኦ ቶሚታ ሲሆኑ፣ የሁለተኛውን፣ የ1964ቱን፣ የደረሱት የኢፉኩቤ ተማሪ ያሱሺ አኩታጋዋ ናቸው። የእኛው ቴሌቪዥን አዲስ አበባ ላይ ሥራ የጀመረውም በዚያው በ1964 መሆኑን ስንጨምር ዘመኑ ቀረብ ይልልናል። የቴሌቪዥን ድርሰት ከፊልሙ የሚለይበት ጠባይ አለው፤ የፊልም ሙዚቃ አንድ ጊዜ ተሰምቶ ሁለት ሰዓት መሸከም አለበት፣ የድራማ መግቢያ ግን በየሳምንቱ ለአንድ ዓመት ሲሰማ እንዳይሰለች ሆኖ፣ ቤተሰቡን ከጓዳ ጠርቶ ማስቀመጥ አለበት። አኩታጋዋ ለዚህ ያበቃቸው በአጭር ሐረግ ድግግሞሽ ማመናቸው ነው፤ ይህን ከማን እንደ ወረሱት መገመት አያዳግትም።

ጥያቄ፦ በፒያሳ አካባቢ የሙዚቃ ካሴትና ዲስክ እሸጥ የነበርሁ ሰው ነኝ። የጃፓን የቆየ ዜማ ስሰማ የእኛ አምባሰል የሚመስለኝ ለምንድን ነው? ኢፉኩቤስ በዚህ ቅኝት ይሠሩ ነበርን?

መልስ፦ ጆሮዎ ትክክል ነው። በጃፓን ከተሞች ኮቶና ሻሚሰን ለሚባሉት የክር መሣሪያዎች ሙዚቃ ከሚያገለግሉት ቅኝቶች አንዱ አምስት ድምፆች ያሉት ሲሆን በድምፆቹ መካከል ያለው ርቀት ከአምባሰል ጋር ይገጥማል፤ ሁለቱም ከመነሻው ድምፅ ቀጥሎ በግማሽ እርምጃ ጠበብ ብለው ይጀምሩና ሰፊ ዝላይ ይዘላሉ። ደግሞም ከሃያኛው ክፍለ ዘመን መባቻ ጀምሮ በጃፓን መዝሙሮችና ተወዳጅ ዘፈኖች የተስፋፋ ሌላ አምስት ድምፅ ያለው ቅኝት አለ፤ እርሱ የእኛ ሙዚቀኞች ትዝታ ማይነር ከሚሉት ጋር አንድ ነው። ይህ አንዱ ሕዝብ ከሌላው መውሰዱን አያሳይም፤ አምስት ድምፅ መርጦ ዜማ የሚሠራ ሕዝብ ብዙ ነው፤ አንዳንዶቹም ከአንድ ምርጫ ላይ ይደርሳሉ። የሚለየው አካሄዱ ነው። የእኛ አዝማሪ ድምፁን እያርገበገበና እያዞረ ሲያስጌጠው፣ ኮቶ ነክቶ ይተወዋል፤ ዝምታውም የዜማው አካል ይሆናል።

ኢፉኩቤ ግን ይህን ለስላሳ የከተማ ቅኝት ዋና መንገዳቸው አላደረጉም፤ እርሳቸው የሰሜን ሰው ናቸው። ይበልጥ የሚያሳስባቸው ምቱ ነበር። የጎድዚላ መግቢያ ሦስት ወራጅ ድምፆች ብቻ ናቸው፤ ዶ፣ ሲ፣ ላ። ነገር ግን አንድ ጊዜ በአራት፣ አንድ ጊዜ በአምስት ምት እየተቆጠሩ ስለሚመለሱ አድማጭ እግሩን የሚያሳርፍበት ቦታ ያጣል። ይህን መልስ ከመጻፌ በፊት ሙዚቃውን በስልኬ ይዤ አንድ በዕድሜ የገፉ የማሲንቆ ባለሙያ ቤት ሄጄ አሰማኋቸው። ስለ ፊልሙ ምንም አልነገርኳቸውም። ሁለት ጊዜ ዓይናቸውን ጨፍነው ሰሙና፣ «ልጄ፣ ይህ ሰው ሲጨርስ ነው የሚጀምረው» አሉኝ። ቀጥሎም ማሲንቆአቸውን ከግድግዳ አውርደው፣ ደጋኑን ሙጫ አስነክተው፣ ጭራውን ረገብ አድርገው ሦስቱን ድምፆች ፈለጓቸው። በአራቱ ምት ላይ ወዲያው ገቡ፤ አምስተኛው ላይ ሁለቴ ተሰናከሉ። በሦስተኛው ግን ያዙት፤ ቡናው እስኪቀርብ ድረስም አላቆሙም።